ማተብ ያሰረው ግሪካዊ

መምህር ሐብተ ማርያም ፊልም የሚያዩት ለመናደድ ነበር። ጓደኞቻቸው ጡረታ ሲወጡ ዳማ ይጫወታሉ፤ እሳቸው አዘዞ ካለችው ቤታቸው ተቀምጠው የጥንት ግሪኮችን ውድድር የሚያሳይ ፊልም እየፈለጉ ይናደዳሉ። ሠላሳ አንድ ዓመት ጎንደር ውስጥ ታሪክ ሲያስተምሩ፣ ስለዚያ ውድድር መማሪያ መጽሐፉ የሰጣቸው ግማሽ ገጽ ብቻ ነበር። ቀሪውን ከየቤተ መጻሕፍቱ ለቃቅመው ራሳቸው ሞሉት። ስለዚህ ያውቃሉ፤ የሚያውቅ ሰው ደግሞ እንዲህ ያለ ፊልም ፊት ሲቀመጥ ሰላም የለውም።

ንቀታቸው ከልብሱ ይጀምራል። «ይሄን የቆዳ ጉርድ ቀሚስ ማን ሰፋላቸው?» ይላሉ። ግሪኮቹ የሚታገሉት ራቁታቸውን፣ ዘይት ተቀብተው፣ አፈር ነስንሰው ነው። ፊልም ሠሪው ግን ቀሚስ ያለብሳቸውና ደረታቸውን ይላጫቸዋል። ከዚያ ልጅቱ አለች። ሁልጊዜ አንዲት ልጅ ከተመልካቹ መሀል ቆማ ታለቅሳለች። ባል ያላት ሴት እዚያ ሜዳ ብትገኝ ከገደል እንድትወረወር ሕግ ነበር፤ ይቺ ግን ኩሏ ሳይፈስ ሁለት ሰዓት ሙሉ ታነባለች። የተሸነፈው የግድ መሞት አለበት፤ ሰው ካልሞተ ውድድር አይመስላቸውም። አሸናፊው ሲሮጥ ደግሞ ፊልሙ ይንቀረፈፋል፣ አንዲት የላብ ጠብታ መሬት ለመድረስ ደቂቃ ይፈጅባታል። መምህር እዚህ ላይ ተነስተው ውሃ ይጠጣሉ። ሲመለሱ ሰውየው ገና እግሩን አላሳረፈም።

ባለቤታቸው ወይዘሮ ሰርካለም አንድ ቀን «ካስጠላህ ምነው አትዘጋውም?» አሏቸው።

«ማን ይፍረድባቸው ታዲያ?» አሉ መምህር፣ ዓይናቸውን ከቴሌቪዥኑ ሳይነቅሉ።

ወንድምአገኝ የመጣው በዚህ መሀል ነው። የቀድሞ ተማሪያቸው ነው፤ አዲስ አበባ ፊልም ተምሮ፣ ፀጉሩን አሳድጎ፣ ጥቁር መነጽር አናቱ ላይ ሰክቶ ተመለሰ። ስለ ጥንት ግሪኮች ትግል አጭር ፊልም ሊሠራ ነው፤ ቦታው የላይ አርማጭሆ ወረዳ፣ ትክል ድንጋይ አካባቢ።

«የግሪክ ተራራ እኛው አገር አለ፣ ቲቸር። ያውም በነፃ» አለ። «እርስዎ የታሪክ አማካሪ ይሁኑልኝ። ስምዎ በፊልሙ መጨረሻ ለብቻው ይወጣል።»

መምህር በሳቅ ሊሸኙት ነበር። ግን ስም የሚለው ቃል ያዛቸው። ሠላሳ አንድ ዓመት ሲያስተምሩ፣ ያ ሁሉ ንባብ ስማቸውን አንድ ቦታ እንኳ አላስጻፈላቸውም። ሳይሞቱም አንዲት እውነተኛ ደቂቃ ማየት ይፈልጉ ነበር፤ ግሪኮቹ እንደታገሉት የሚታገል ሰው፣ ከሥሩም «ይህን ያቃናው ሐብተ ማርያም ነው» የሚል ጽሑፍ። እሺ አሉ።

ሦስት ሳምንት ተጨቃጨቁ። በመጀመሪያ ቀሚሱ መጣ፤ እሱም ቆዳ እንኳ አይደለም፣ ቆዳ የሚመስል ላስቲክ ነው። መምህር ታጋዮቹ ራቁት ይሁኑ አላሉም፤ አርማጭሆ ላይ ራቁቱን የሚታገል ሰው እንደማይገኝ ያውቃሉ። ተራ ነጭ ጨርቅ ወገባቸው ላይ ያገልድሙ አሉ። «ነጭ ጨርቅ ካሜራ ላይ ይሞታል» አላቸው ወንድምአገኝ። ቀጥሎ የአሸናፊው አክሊል መጣ፤ ከሠርግ ዲኮር ቤት የተገዛ፣ ወርቅ የተቀባ የፕላስቲክ ቅጠል። ግሪኮቹ አሸናፊውን የሚሸልሙት የዱር ወይራ ነው፤ ትክል ድንጋይ ላይ ደግሞ ከመቅረጫው ሜዳ ሃያ እርምጃ የማይርቅ ወይራ ቆሟል። መምህር ሄደው ቆርጠው አመጡ። ወንድምአገኝ አመስግኖ ተቀበላቸውና መኪናው ኮፈን ላይ አስቀመጠው፤ እዚያው ጠወለገ።

አንድ ነገር ብቻ አሸነፉ። ትግሉ እውነተኛ ይሆናል፤ ሦስት ጊዜ የጣለ ያሸንፋል፣ ማንም አይሞትም። ለዚህ ሲሉ ዋኘውን አመጡ።

ዋኘው የትክል ድንጋይ ገበሬ ነው፤ አሥረኛ ክፍል ድረስ አዘዞ ቤት ተከራይቶ እሳቸው ዘንድ ተምሯል። ጥምቀት በመጣ ቁጥር ሜዳ ላይ ትግል ገጥሞ ጀርባው መሬት ነክቶ አያውቅም። አሁን ግን አዲስ አበባ ጂም ቤት ውስጥ ባበጠ ተዋናይ መሸነፍ አለበት፤ ድርሰቱ እንደዚያ ነው። መምህር ይህን ሲነግሩት ሳቀ።

«አንቱ ካሉ ምን ገዶኝ፣ አያ። ማተቤን፣ እመጣለሁ» አለ።

የመንገዱ ስጋት ረገብ ባለ ሰሞን አንድ ቅዳሜ ቀረጻው ተጀመረ። የአገሩ ሰው ዳገቱ ላይ ተደርድሮ ያያል፤ ሽማግሌው፣ ሴቱ፣ ሕፃን ያዘለው። ዋኘው ሸሚዙን አውልቆ ዘይት ሲቀባ መምህር አንገቱን አዩ። ጥቁር ክር።

«ወንድምአገኝ፣ ይሄ ሰው ማተብ አስሯል።»

«አየሁት ቲቸር፤ አያምርም? እንዲያውም ልጅቱ የሰጠችው መታሰቢያ እናደርገዋለን። ሲሞት ክሩን ይዛ ታለቅሳለች።»

«አይሞትም ተባብለናል።»

«ማለቴ፣ ሲወድቅ።»

የመምህር ደም ፈላ። ክርስቶስ ከመወለዱ አምስት መቶ ዓመት በፊት ዜውስ ፊት የሚታገል ሰው፣ የክርስትናውን ማተብ አስሮ! አዋቂ ሰው ይህን ሲያይ ይታያቸዋል፤ ሲስቅ፣ ጎኑ ያለውን በክርኑ ሲነካ፣ ከዚያ የአማካሪውን ስም ሲያነብ። ሌሎቹን ስህተቶች ሁሉ ዋጡ፤ ይቺ ግን ጉሮሯቸው ላይ ቆመች። ወንድምአገኝን ትተው ወደ ዋኘው ሄዱ።

«ዋኘው፣ ማተቡን ለጊዜው ፍታው።»

ዋኘው እጁን አንገቱ ላይ አደረገ። «ምነው፣ አያ?»

«ግሪኮቹ ክርስቲያን አልነበሩም። አሥር ደቂቃ ነው።»

«ሰው ያያል እኮ።» በአገጩ ወደ ዳገቱ አመለከተ። እናቱ እማማ ምንዳዬ እዚያ ተቀምጠዋል፤ የንስሐ አባቱ ቄስ ፍቅረ ማርያምም ጥላቸውን ዘርግተው ቆመዋል። «የፊታችን እሁድ የጎረቤቴን የነጋን ልጅ ክርስትና የማነሳ ሰው ነኝ።»

«እምነትህ ያለው አንገትህ ላይ ሳይሆን ልብህ ውስጥ ነው።»

«በጨርቅ ብጠመጥመውስ?»

«ውሸት ይሆናል። እኔ ስሜን አስገብቻለሁ፣ ዋኘው። አታዋርደኝ።»

ዋኘው ተዋናዩን አየ፤ የላስቲክ ቀሚሱን አየ። አስተማሪውን እንቢ ብሎ አያውቅም፤ እንዴት እንደሚባልም አያውቅበትም። ቋጠሮውን ሁለት ጊዜ ሞከረው፣ ጣቱ በዘይቱ ተንሸራተተ። መምህር ሐብተ ማርያም ራሳቸው ጎንበስ ብለው በጥፍራቸው ፈቱለት።

ዳገቱ ላይ የነበረው ጨዋታ ቀጥ አለ። እማማ ምንዳዬ ነጠላቸውን ወደ ፊታቸው ሳቡ። ቄስ ፍቅረ ማርያም ጥላቸውን አጥፈው ቁልቁል መንገድ ጀመሩ። መምህር ይህን ሁሉ በጀርባቸው ሰሙት እንጂ ዞረው አላዩትም፤ ትግሉ ተጀምሮ ነበር።

ትግሉም ትግል ነበር። ዋኘው ተዋናዩን ሁለት ጊዜ ገለበጠው፤ አቧራው ዘይቱ ላይ ተለጥፎ ሰውነቱን አፈር አስመሰለው። ከዚያ እንደተባለው ሦስቴ ወደቀለት። መምህር ክሩን በመዳፋቸው ጨብጠው ከካሜራው ኋላ ተንጠራሩ፣ ያን ሁሉ ዘመን ሲያነቡት የኖሩት ነገር ቆሞ ሲሄድ እያዩ ነውና። ዋኘው ተነስቶ ክሩን ከእጃቸው ወሰደ፤ አላሰረውም፣ ሸሚዙ ኪስ ከቶት ምሳ ሳይቀምስ ሄደ። እሳቸው ግን ደስታቸው ሌላ አላሳያቸውም።

ፊልሙ ከአራት ወር በኋላ ጎንደር ውስጥ አንድ አዳራሽ ታየ። መምህር ሙሉ ልብሳቸውን ለብሰው ከወይዘሮ ሰርካለም ጋር ፊት ወንበር ተቀመጡ። ቀሚሱ መጣ። ልጅቱ መጣች፣ አለቀሰች። ላቡ ተንጠልጥሎ ቀረ። እሺ፣ ይህን ጠብቀውት ነበር፤ የጠበቁት ትግሉን ነው። ትግሉ ግን ተቆርጦ አንድ ውድቀት ብቻ ቀርቷል፣ ዋኘው የጣለበት ሁለቱም ጊዜ የለም። ሲወድቅ አንገቱ ተሰብሮ ሞተ። አንገቱ ላይ ደግሞ የእጅ መዳፍ የሚያህል፣ ንስር የተቀረጸበት ወርቅ በሰንሰለት ተንጠልጥሏል። መምህር መነጽራቸውን አውልቀው ጠርገው እንደገና አዩ። ወርቁ እዚያው ነው፤ ልጅቱ እሱን ይዛ ታለቅሳለች።

ከዚያ ጥቁሩ ላይ በትልቁ «የታሪክ አማካሪ፦ መምህር ሐብተ ማርያም» የሚል ወጣ። ሰው አጨበጨበ። ወይዘሮ ሰርካለም ጎን የተቀመጠ አንድ ወጣት ጎንበስ ብሎ ጨበጣቸው።

ወንድምአገኝን በር ላይ ያዙት። «ያ ወርቅ ከየት መጣ?»

«አንገቱ ባዶ ሲሆን ምስሉ ጎደለብኝ ቲቸር። በኮምፒውተር ጨመርንበት።»

«ስሜን አውጣልኝ።»

«ቲቸር ደግሞ» አለ ወንድምአገኝ እየሳቀ፣ «እሱን ማን ያነበዋል ብለው ነው?»

በሳምንቱ መምህር ሚኒባስ ተሳፍረው ትክል ድንጋይ ሄዱ። ዋኘውን አጥሩን ሲጠግን አገኙት። አንገቱ ላይ አዲስ ክር አለ። እጁን በሱሪው ጠርጎ ጎንበስ ብሎ ሰላም አላቸው።

«የነጋ ልጅ እንዴት ነው?» አሉ፣ ነገር ለመጀመር።

«ደኅና ነው። ሌላ ሰው ነው ያነሳው» አለ ዋኘው። «ነጋ ቂም የለውም፤ ሚስቱ ግን በሰው ፊት ማተቡን ለፈታ ሰው ልጄን አልሰጥም አለች። እኔም አልፈርድባት። ንስሐዬን ጨርሼ ይሄን ቄስ ፍቅረ ማርያም አሰሩልኝ።»

መምህር ይቅርታ ሊጠይቁ ነበር የመጡት። አፋቸውን ሲከፍቱ ግን የወጣው ሌላ ነው። ወንድምአገኝን ሰደቡት፣ ላስቲኩን ሰደቡት፣ የፕላስቲኩን ቅጠል፣ ልጅቱን፣ ንስሩን ሰደቡ፤ ድፍን የፊልም ሠሪ ዘር ደንቆሮ ነው አሉ። ዋኘው ማገሩን ይዞ እስኪጨርሱ ሰማቸው።

«እኔም በስልክ አሳይተውኛል» አለ። «ያን ወርቅ ግሪኮቹ ያስሩት ነበር፣ አያ?»

«ኧረ የት አይተውት።»

«ቀሚሱንስ?»

«አይለብሱም።»

«ሰው ይገድሉ ነበር? እኔን እንደገደሉኝ?»

«በትግል አይገድሉም። ሦስት ጊዜ መጣል ነው፣ አለቀ።»

ዋኘው ማገሩን አጥሩ ላይ አስደገፈ። በድምፁ ቁጣ አልነበረም፤ ክፍል ውስጥ ያልገባውን ሲጠይቅ እንደነበረው ነው የተናገረው። «እንግዲያ ከዚያ ሁሉ ሰው፣ አንቱን እሺ ያለ እኔ ብቻ ነኝ።»

መምህር ሐብተ ማርያም፣ ወንድምአገኝን ያልደፈሩትን፣ ተዋናዩን ያልደፈሩትን፣ እንቢ ማለት የማያውቀው አንገት ላይ በጥፍራቸው እንደጨረሱት ታያቸው። አፈሩ፤ ፊታቸውን የት እንደሚያዞሩት ቸገራቸው።

ዋኘው ወደ ቤት ገብቶ በርጩማ ይዞ ወጣ። አቧራውን በመዳፉ ጠርጎ ጥላው ሥር አስቀመጠላቸው።

«ይቀመጡ፣ አያ። መንገዱ አድክሞዎታል» አለ።

ቢሰድባቸው ይሻላቸው ነበር። ተቀመጡ።