የደምቢያው ስም

የዓሣ ተመራማሪዋ ፀደይ ሱሪዋን እስከ ጉልበቷ ሰብስባ፣ ባልዲ ይዛ ከወንዙ ወጣች። ባልዲው ውስጥ ያለው ጣት የሚያክል ዓሣ በአገጩ ሥር ባለች ክብ መምጠጫ ግድግዳው ላይ ተጣብቋል። ሁለት ዓመት ሙሉ ከብልባላ ከተማ በታች ያለውን ወንዝ ድንጋይ በድንጋይ ስትገለብጥ የከረመችው ለዚህ ዓሣ ነው። መምጠጫው ጠባብ፣ ጅራቱ ቀጭን፤ ሳይንስ ከሚያውቃቸው የተለየ ዝርያ ነው ትላለች።

ወንዙን ለመስኖ የሚጠልፈው ግድብ ነገ ኮንክሪት ይሞላል። ማለፊያ ካልተተወለት ዓሣው ወደሚራባበት የላይኛው ውኃ መውጣት አይችልም። ግድቡን የሚያሠራው ኢንጂነር ምስጋኑ ክፉ ሰው አይደለም። "ማለፊያው ከመስኖው ውኃ ይቀንሳል። የወዲህም የወዲያም ማዶ ገበሬ ባንድ ቃል ከጠየቀኝ እተዋለሁ" ብሏል።

ሁለቱም ማዶ ፈቃደኛ ነው። የተጣሉት ጥያቄው ላይ በሚጻፈው የዓሣው ስም ነው።

"ልጥፌ ነው" አሉ የወዲህ ማዶው መሪጌታ እንዳለው፣ ጎንበስ ብለው ባልዲውን እያዩ። "ድንጋይ ላይ ይለጠፋላ! አለቀ።"

"መነኩሴ ነው እንጂ" አሉ ከወዲያ ማዶ የመጡት አያ አረጋ። "ሥጋ አይበላ፣ ከድንጋዩ አይርቅ።"

"ዓሣን መነኩሴ! ቆብ ደፍቶ አይታችሁታል?"

ሰዉ ሳቀ። አያ አረጋ አልሳቁም።

"መሪጌታ፣ እኛ ወንዙ ሲጎድል የብርብራ ፍሬ ወቅጠን ውኃው ላይ በትነን ዓሣ እናሰክራለን። ይኼ ከተንሳፈፈ ግን መነኩሴ ነው ብለን ንጹሕ ውኃ ውስጥ እንመልሰዋለን። ልጥፌ ካላችሁት ልጆቻችን ጠብሰው ይበሉታል።"

ፀደይ ሁለቱም ስም ይጻፍ አለች። ምስጋኑ አልተቀበላትም። "ሁለት ስም ከጻፍኩ አለቆቼ ሁለት ዓሣ ነው የሚሉኝ። አንዱን ስጡኝ።"

ትዕግሥቷ አልቆ እጅ አውጡ አለች፤ ነገሩን ያበላሸችውም እዚህ ላይ ነው። የወዲህ ማዶው ሰው ይበዛ ስለነበር ልጥፌ አሸነፈ። አያ አረጋ ጋቢያቸውን አጣፍተው ተነሡ፤ ሰዎቻቸውም ተከተሏቸው።

ወንዙን ሳይሻገሩ ሮጣ ደረሰችባቸው።

"አያ አረጋ፣ በማርያም! ማለፊያውን ጠሉት እንዴ?"

"ማለፊያውን ማን ጠላ? አባቶቼ ያወጡትን ስም በእጅ ብዛት አላስነጥቅም።"

"እንግዲያ በሳይንሱ ስም ይሁን። የማናችሁም ባልሆነ።"

"ምን ይባላል?"

እሷ ያወጣችለት ስም ገና አልጸደቀም፤ ምስጋኑም ያልጸደቀ የሳይንስ ስም አይቀበልም። አዲስ አበባ ያሉት ፕሮፌሰሯ ደግሞ ትናንት በስልክ፣ "አዲስ ዝርያ አይደለም፤ በደምቢያ ስም የሚታወቀው ያው ዓሣ ነው። መምጠጫው ስለጠበበ ሌላ አይሆንም" ብለዋታል። ስትከራከር ስልኩ ተዘጋባት።

"የደምቢያ ዓሣ" አለች በመጨረሻ።

"ደምቢያ? ጎንደር?" ተከትለው የመጡት መሪጌታ ከኋላ ጮኹ። "የወዲያ ማዶዎቹ ስም አይደለም ማለት ነው?"

"አይደለም።"

"እንግዲያማ ጥሩ ስም ነው!"

አያ አረጋም "እኛ ቤት መነኩሴ እንላለን። መንግሥት ደምቢያ ይበለው" ብለው ተመለሱ።

ምስጋኑ ጽፎ ወረቀቱን ዘረጋላት። አናጢዎቹ ለማለፊያው ጣውላ ማቆም ጀምረዋል።

"ፈርሚ እንጂ፣ ባለሙያዋ አንቺ አይደለሽም?"

ፀደይ እርጥብ እጇን ሱሪዋ ላይ ጠርጋ፣ ሁለት ዓመት ሙሉ አይደለም ስትለው በከረመችው ስም ሥር ፈረመች።