ቡናማው በአረንጓዴው ቁም ሣጥን

ታናሽ እህቴን ሥራ ያስገባኋት እኔው ነኝ። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ቀጥሎ ያለውን ስትሰሙ «ወይ ምቀኛ!» ለማለት እንዳትቸኩሉ ብዬ ነው። ምቀኛ መሆኔንማ አልክድም። ግን እጇን ይዤ በዚያ በር ያስገባኋትም እኔ ነኝ፤ ሁለቱም ይጻፍልኝ።

ሥራችን የባሕር አልጌ ማድረቅ ነው። ሰው ሥራዬን ሲጠይቀኝና እንዲህ ብዬ ስመልስ ፊቱ ላይ የማየውን ነገር ለምጄዋለሁ። ባሕሩ ዳር ካለው የምርምር ጣቢያ ምድር ቤት ውስጥ አንድ ረጅም ክፍል አለ፤ ጨውና ናፍታሌን ይሸታል። ባሕሩ ሲሸሽ ከአለት ላይ የለቀምነውን አልጌ ትሪ ውስጥ ባለ ውሃ ላይ እናንሳፍፈዋለን፤ ከሥሩ ወፍራም ወረቀት እንሰድና ቀስ አድርገን እናወጣዋለን፤ ጨርቅ አልብሰን በሁለት ሳንቃ መካከል በቀበቶ ጥፍር አድርገን እናስረዋለን። ሙጫ አይፈልግም፤ የራሱ ዝልግልግ ከወረቀቱ ጋር ያጣብቀዋል። ይህን አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሠርቻለሁ።

ግድግዳውን ተደግፈው ሦስት ቁም ሣጥኖች ቆመዋል፦ የአረንጓዴው፣ የቡናማውና የቀዩ። እኔም በመጀመሪያው ቀን «ቀለም ለመለየት ነው ደመወዝ የሚከፈለኝ?» ብዬ ስቄ ነበር። አለቃችን አልሳቁም። «ቀለም ያታልልሻል» አሉኝ። ቀዩ ፀሐይ ሲበዛበት ቡናማ ይመስላል፤ ቡናማውም ሲሞት አረንጓዴ የሚሆንበት ጊዜ አለ። ስለዚህ ስንቁን ማየት ነው። አረንጓዴው ስታርች ያከማቻል፤ አዮዲን ጠብ ሲደረግበት ይጠቁራል። ቡናማው የሚያስቀምጠው ሌላ ዓይነት ስኳር ስለሆነ አዮዲኑ አያጠቁረውም። እንዲያውም ሁለቱ ቢመሳሰሉም የቅርብ ዘመዳሞች አይደሉም፤ ባዳ ናቸው። እኔና እህቴ ደግሞ ምንም ሳንመሳሰል ከአንድ ማሕፀን ወጣን።

አለቃችን ሁለት ሕግ አላቸው። ወረቀቱ ጥግ ላይ አንድ ጊዜ የተለጠፈ መግለጫ፣ ማለትም አልጌው ምን እንደሆነ፣ የት እንደተለቀመና ማን እንደለየው የሚጻፍበት ቁራጭ፣ ስህተት ቢሆንም እንኳ አይነሣም፤ አዲሱ ከጎኑ ይለጠፋል። ሁለተኛው፣ ስህተት ያየ ሰው በዚያው ቀን ይናገራል።

እህቴ ዩኒቨርሲቲ ጨርሳ ሁለት ዓመት ቤት ስትቀመጥ እናታችን ነጋ ጠባ «እህትሽን አንድ ነገር አድርጊያት እንጂ» ትለኝ ነበር። አደረግኋት። ሦስት ወር ሳይሞላት አለቃችን «ዓይናማዋ» የሚል ስም አወጡላት። ለእኔ በአሥራ ዘጠኝ ዓመት ያወጡልኝ ስም «አንቺ» ነው።

የሚያናድደኝ ነገር አንድና ሁለት አልነበረም። የእጅ ጽሑፏ ያምራል። ስትስቅ ዘበኛው ሳይቀር ይስቃል። እኔ ተንበርክኬ አንድ ሰዓት ሙሉ የፈለግኩትን እሷ የጫማዋን ክር ስታስር ታገኘዋለች። ማታ ገበታ ላይ እናታችን «ዛሬስ ምን አገኛችሁ?» ስትል ዓይኗ የሚሄደው ወደ እሷ ነው። «አገኛችሁ» የምትለው ለይሉኝታ ነው። አንጀቴ እያረረ እህል አልወርድ አለኝና በዚያ ዓመት ስድስት ኪሎ ቀነስኩ። እናቴ «አምሮብሻል» አለችኝ። በስንት ጊዜዬ ያገኘኋት ምስጋና ያቺ ናት።

እንዲህ እያልን አለቃችን ጡረታቸው ደረሰ። አንድ ሰኞ ጠዋት ሁለታችንንም አስቀምጠው «የሚመጣው ሳምንት ሐሙስ ሦስት ሰዎች ከዋናው መሥሪያ ቤት መጥተው ክምችቱን ያያሉ። ከዚያ የክፍሉን ቁልፍ ከሁለት አንዳችሁ ትረከባላችሁ» አሉ። ቁልፉን የያዘ የክፍሉ ኃላፊ ነው። እህቴ «ለእትዬ ነው የሚገባው» አለች። እንዲህ ማለቷ ራሱ አናደደኝ፤ ምን ቸር አደረጋት?

በማግስቱ፣ ማክሰኞ፣ እሷ ለምሳ ስትወጣ የአረንጓዴውን ቁም ሣጥን ናፍታሌን ልቀይር ከፈትኩ። መሳቢያው ጢም ብሎ ሞልቷል። አንዱን ወረቀት ግማሽ ድረስ ስስበው ዓይኔን ማመን አቃተኝ። ከመሐል አጥንቱ ግራና ቀኝ ጥንድ ጥንድ ቅርንጫፍ የሚያወጣ፣ ጫፉ የሾለ አልጌ ነው። አረንጓዴ ሆኗል፤ ነገር ግን ቡናማ ነው፤ ያውም የቡናማ ክፉ። እኛ «ተናካሹ» እንለዋለን። ከባሕር ሲወጣ አሲድ ይለቅቅና ራሱም አረንጓዴ ይሆናል፤ አብሮት ባልዲ ውስጥ ያለውንም ሁሉ ቀለሙን አጥፍቶ ያበላሸዋል። ለዚህ ነው የራሱ ባልዲ ያለው። መግለጫው አናት ላይ በዚያ በሚያምር የእጅ ጽሑፍ «አረንጓዴ አልጌ» ይላል።

አንጀቴ ቅቤ ጠጣ። ዓይናማዋ! ኮቴ ስሰማ ከዚያ በታች ያለውን ሳላነብ ወረቀቱን መልሼ ወሸቅኩት። እህቴ ገባችና «እትዬ፣ ዳቦ አመጣሁልሽ» አለችኝ። ተቀብዬ በላሁ።

ሕጉን አልረሳሁም። በዚያው ቀን መናገር ነበረብኝ። ግን በዚያው ቀን ብናገር «ጎሽ፣ አርሚው» ተብሎ ያልቃል፤ ማን ያያል? ሐሙስ ድረስ አፌን ለጉሜ ተቀመጥኩ። በእነዚያ ዘጠኝ ቀናት ለእህቴ እንደዚያ ሆኜላት አላውቅም። ጃኬቷን ተኮስኩላት፤ ትሪዋን አጠብኩላት፤ እራቴንም ጠርጌ በላሁ። እናታችን «ምን ተገኘ?» ብላ ግንባሬን ነካች።

ሐሙስ እንግዶቹ መጡ። አለቃቸው መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ የሰቀሉ ሴትዮ ናቸው። ቡናማውን አዩ፤ ቀዩን አዩ፤ እህቴም እያስረዳች እነሱም ራሳቸውን እየነቀነቁ አረንጓዴው ጋ ደረስን። ያኔ ወደፊት ወጣሁና መሳቢያውን ስቤ ወረቀቱን ፊታቸው ላይ ከፍ አድርጌ ያዝኩት።

«ይቅርታ፤ ይሄ እዚህ ምን እንደሚሠራ ልጠይቅ? ይሄኮ ቡናማ ነው!»

ሴትዮዋ መነጽራቸውን አወረዱ። እህቴ አንድ ጊዜ ወረቀቱን፣ አንድ ጊዜ እኔን አየችና ቶሎ ብላ ከእጄ ወሰደችው። የመግለጫውን የታችኛውን ጥግ በአውራ ጣቷ ጫን አድርጋ ይዛ በሌላው እጇ ከቅርንጫፉ ጫፍ ቆንጥራ ትንሿ ሳህን ላይ አደረገች። ውሃ ውስጥ ትንሽ ቆየ፤ አዮዲን ጠብ አለበት። ሁላችንም አጎንብሰን ጠበቅን። አልጠቆረም።

«ማነው አረንጓዴ ነው ያለው?» አሉ ሴትዮዋ።

«እኔ ነኝ» አለች እህቴ።

«ሳትመረምሪው?»

«አዎ፣ ሳልመረምረው።» ጣቷን ከጥጉ አላነሣችም።

ከግማሽ ሰዓት በኋላ እንግዶቹ ሻይ ሊጠጡ ፎቅ ሲወጡ አለቃችን ቁልፉን ከኪሳቸው አውጥተው እጄ ላይ አስቀመጡት። «በርቺ፣ አንቺ» አሉኝ። ያን ቁልፍ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ስመኘው ኖሬአለሁ፤ ዓይኔ እንባ አቀረረ።

እህቴ ትሪ ልታጥብ ወደ ጓሮ ሄደች። እኔ የክፍሉ ኃላፊ ሆኜ የመጀመሪያ ሥራዬን ልሠራ፣ አዲሱን መግለጫ ከአሮጌው ጎን ልለጥፍ ተቀመጥኩ። አሮጌውን ከላይ እስከ ታች አነበብኩት። የአውራ ጣቷ ርጥበት ገና አልደረቀም። ከዚያ ሥር «የለየችው» ይልና ስሜ ከነአባቴ ስም ተጽፏል። የእኔ ስም!

ነገሩ ያኔ ትዝ አለኝ። ከወር በፊት አንድ ጠዋት አለቃችን ስልክ ደውለው የቀኑን ሥራ የሰጡት ለእሷ ነበር፤ እኔ አጠገቧ ቆሜ! ባሕሩ ዳር ወርደን በንዴት ተናካሹን ከሌሎቹ ጋር አንድ ባልዲ ውስጥ ወርውሬው ተመለስን። ክፍል ደርሰን ከባልዲው ስታወጣው «እትዬ፣ ይሄ አረንጓዴ ነው ቡናማ?» አለችኝ። ወደ ቤቴ ልሄድ ካፖርቴን እየለበስኩ ነበር። ዞር ብዬ እንኳ ሳላይ «አረንጓዴ ነው! ዓይናማ አይደለሽ እንዴ፣ አይታይሽም?» ብያት ወጣሁ።

ወረቀቱን ይዤ ጓሮ ሄድኩ። እጇ ሳሙና ነው።

«ለምን አልተናገርሽም?»

«ምን ብዬ?» አለች፣ ትሪውን እያለቀለቀች። «የነገርሽኝን ረስተሽው መስሎኝ ነበር። በሰው ፊት ላሳጣሽ እንዴ?»

«አዮዲን አላጣሽ! ለምን አልሞከርሽውም?»

«አንቺ አረንጓዴ ነው ካልሽ ምን ብዬ ልሞክረው?» አለችና ሳቀች። ስትስቅ ዘበኛውም ይስቃል ያልኳችሁ ሳቅ ነው። እኔ ግን ወሽመጤ ተቆረጠ። በዚህም በለጠችኝ። ባለጌ ብትሆን፣ ብትሰድበኝ፣ ምናለበት?

ፎቅ ወጥቼ አለቃችንን ከእንግዶቹ መሐል ጠራኋቸውና ኮሪደሩ ላይ መግለጫውን አሳየኋቸው። አነበቡት። «ሰው ይሳሳታል» አሉ። «ዋናው ስህተቱን ማግኘትሽ ነው። ቁልፉን ያዢ።» ያን ጊዜ እሺ ብዬ መውረድ እችል ነበር። ቁልፉ በእጄ ነው። ደረጃው እዚያው ነው።

«መቼ እንዳገኘሁት አልጠየቁኝም» አልኳቸው።

«መቼ አገኘሽው?»

«የዛሬ ዘጠኝ ቀን።»

መዳፋቸውን ዘረጉ። ቁልፉን መለስኩላቸው።

አሁን ቁልፉ የእህቴ ነው፤ ባንገቷ ታንጠለጥለዋለች። ታድያ ከዚያ ወዲህ ቅናቴ ድራሹ ጠፋ ብላችሁ እንዳታስቡ። ያ ቁልፍ ደረቷ ላይ ሲወዛወዝ ባየሁ ቁጥር ዛሬም ሆዴ ይቃጠላል። ናፍታሌን ስቀይር ያን ወረቀት አገኘዋለሁ፤ አሁን የሚኖረው የቡናማው ቁም ሣጥን ውስጥ ነው። ሁለት መግለጫ ጎን ለጎን ተለጥፎበታል፤ የሳተችውም ያረመችውም እኔ ነኝ። ያረምኩበትን ቀን ስጽፍ ያየሁበትን ማክሰኞን አልጻፍኩም፤ የተናገርኩበትን ሐሙስን ነው የጻፍኩት።

ባለፈው ሳምንት ባሕሩ ሲሸሽ አብረን ወረድን። ተናካሹን ለብቻው ባልዲ ውስጥ አስቀመጥኩት። እሷ አለቱ ሥር አንድ የማናውቀው ነገር አግኝታ፣ መቼም ታገኛለች፣ እጇ ላይ ዘርግታ መጣች።

«እትዬ፣ ይሄ ምንድን ነው?»

«አለቃዋ አንቺ አይደለሽ እንዴ?» አልኳት።

«እሱን ተይው። ምንድን ነው?»

አጉሊ መነጽሬን ከኪሴ አወጣሁና እጇን ወደ ብርሃኑ አዙሬ ያዝኩት። መልስ ከመስጠቴ በፊት ብዙ ቆየሁ።