የወይዘሮ የሺእመቤት የማር ኬክ

አቶ መኳንንት ስኳር ባይኖርባቸው ኖሮ ይህ ሠርግ እስከ ዛሬም አይደረግም ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። እሑድ ጠዋት አቶ መኳንንት፣ አቶ ቢቂላና አቶ ማርቆስ ሳንሱሲ ሰፈር ወዳለው ወደ አቶ ይመር ቤት ሽምግልና ሄዱ። አቶ መኳንንት እንደ ልጅ ላሳደጉት ለእህታቸው ልጅ ለጆሲ፣ የአቶ ይመርን ልጅ ሶፊን ሊጠይቁ ነው። ሁለት ጊዜ ሄደው ሁለት ጊዜ «ዘመድ እናማክር» ተብለው ተመልሰዋል። ይህ ሦስተኛው ነው። ዛሬ እሺ ካልተባለ እንደ እምቢታ ይቆጠራል፤ ጆሲም አርፎ ይቀመጣል።

«ተቀመጡ እንጂ» አሉ አቶ ይመር፣ ራሰ በራቸውን እያሻሹ።

«ጉዳያችን ሳያልቅ አንቀመጥም፤ እህልም አንቀምስም» አሉ አቶ መኳንንት።

«ኬክ ምኑ እህል ነው?»

አቶ ቢቂላ ይህን ሲሰሙ ተቀመጡ። ሠላሳ ዓመት ከባድ መኪና የነዱ ሰው ናቸው፤ የቀረበ ነገር ሲመለስ አይወዱም። የአቶ ይመር ባለቤት ወይዘሮ የሺእመቤት የጋገሩት የማር ኬክ ተቆርሶ ቀረበ። አቶ መኳንንት «ስኳር አለብኝ» ብለው ሰሃኑን ገፋ አደረጉት። ሁለቱ አንድ አንድ ሹካ ቀመሱ። ቀመሱና ከሶፋው ላይ ጠፉ።

ወዲያው የግቢው በር ተንኳኳ። አቶ ይመር ሄደው ከፈቱ። አቶ ቢቂላና አቶ ማርቆስ ከረቫታቸውን እያስተካከሉ ገቡ።

«አንተ ደግሞ መቼ ቀድመኸን ገባህ?» አሉ አቶ ቢቂላ አቶ መኳንንትን።

«ተቀመጡ እንጂ» አሉ አቶ ይመር።

ኬኩ በአንድ ሹካ ሃያ ደቂቃ ወደ ኋላ ይመልሳል፤ በእፍኝ ሲሆን ግን የሚመልሰው በዓመታት ነው። የበላው ሰው ያን ጊዜ የነበረበት ቦታ ሄዶ ይቆማል፤ መብላቱንም አያስታውስም። አቶ ቢቂላ አራት ጊዜ በልተው አራቱንም ጊዜ ርቧቸው ገቡ።

ለአራተኛ ጊዜ በሩ ሲንኳኳ አቶ መኳንንት የአቶ ይመርን እጅጌ ያዙ።

«እስከ መቼ ነው እንዲህ የምንሆነው?»

«እስኪመሽ። ሲመሽማ ‹መሽቷል፣ በሉ ደኅና እደሩ› እላለሁ።»

«ልጁ ምን ጎደለው?»

«ምንም። ሶፊ ከሄደች ግን በዚህ ቤት የምንቀረው ሬዲዮውና እኔ ነን።»

«ወይዘሮ የሺእመቤትስ?»

«እሷ ሬዲዮውን ነው የምትሰማው።»

ሽማግሌ ብቻውን ልጅ አይጠይቅም። ስለዚህ አቶ መኳንንት ጓደኞቻቸው እስኪገቡ ጠበቁ። እንግዶቹ ገብተው አቶ ቢቂላ ሹካ ሲያነሱ ግን አቶ መኳንንት ቀደም ብለው ተነሡ፤ ከኬኩ አንድ እፍኝ ጠቅልለው ወደ አቶ ይመር አፍ ዘረጉ።

«በሞቴ፣ ይቺን!»

አቶ ይመር ግራና ቀኝ አዩ። በገዛ ቤት፣ ከሽማግሌ እጅ የመጣ ጉርሻ አይመለስም። አፋቸውን ከፈቱ።

«የት ሄዱ ሰውየው?» አሉ አቶ ቢቂላ።

«በር ላይ ናቸው። ሹካውን አስቀምጥና ተከተለኝ።»

ይህ ቤት ድሮ የወይዘሮ የሺእመቤት አባት ቤት ነበር፤ አቶ ይመርም በጎረምሳነታቸው ሽማግሌ የላኩት ወደዚሁ ነው። በሩ ሲከፈት ጸጉሩ ጥቅጥቅ ያለ፣ ሰፊ ሱሪ የለበሰ ጎረምሳ እጁን አጣምሮ ቆሟል። ከዚህ በኋላ ይመርን «አቶ» ማለት ያስቸግራል።

«አባባ፣ ሽማግሌዎቼ ምን ተባሉ?» አለ።

«ስንተኛ ጊዜያቸው ነው?»

«ሦስተኛ። ሁለቴ ‹ዘመድ እናማክር› ተብለዋል።»

«አንተ የልጅት አባት ብትሆን ምን ትል ነበር?»

«እሺ ነዋ! ሰው እንዲህ ማመላለስ ነውር አይደል እንዴ?»

አቶ መኳንንት ወደ ጓደኞቻቸው ዞሩ። «ሰምታችኋል?»

«ሰምተናል» አሉ ሁለቱም።

ወይዘሮ የሺእመቤት ከጓዳ ወጥተው እልልታቸውን አቀለጡት። ከዚያ ባላቸውን ትክ ብለው አዩት።

«ጋሽ መኳንንት፣ ስንት አጎረሱት?»

«አንድ እፍኝ ያህል።»

ወደ ጓዳ ተመለሱ። በእፍኛቸው ለኩ።

ሠርጉ ቤቴል፣ አዳራሽ ውስጥ ተደረገ። ፎቶ አንሺው «የሙሽሪት እናትና አባት!» ብሎ ሲጣራ ሁለት ወጣቶች እጅ ለእጅ ተያይዘው መጡ። «ሚዜዎች ቆዩ፣ ተራችሁ ይደርሳል» ብሎ መለሳቸው። ለአቶ መኳንንት ኬክ ቀረበላቸው፤ ስኳር እንዳለባቸው ተናገሩ።

ሶፊ ከሄደች ወዲህ ቤቱ ውስጥ የቀሩት ሁለቱና ሬዲዮው ናቸው። ሬዲዮውን የሚሰማው የለም።