ያለ ምልክት የቀሩት አራቱ

ሰፍያ ካክተስ ከተተከለባቸው ጀሪካኖች ስምንተኛውን አንስታ ወደ ግራው ረድፍ ወሰደችው፤ ሦስት እርምጃ ሳትሄድ ሐሳቧን ቀየረችና ወደ ቀኝ መለሰችው። ካክተሱ እንደ ሌሎቹ ቀጥ ብሎ የቆመ፣ ባለ ስድስት ጠርዝ፣ ሰማያዊ ቀመስ አረንጓዴ ነው። እሾሁ ረጅም ነው ብላ ነበር ያነሳችው። አሁን ስታየው ደግሞ ያን ያህልም አይረዝም።

"ኧረ ተቀመጪ፣ አዞርሽኝ" አሏት የችግኝ ጣቢያው ባለቤት ወይዘሮ ዓለምዘውድ። "ከጠዋት ጀምሮ ያንኑ ጀሪካን ነው ይዘሽ የምትዞሪው።"

"መምህሩ እኮ ከወልቂጤ ተነስተዋል፣ እትዬ። ከምሳ በፊት ቡታጅራ እደርሳለሁ ብለዋል።"

መምህር አምሀ ወልቂጤ ዕፅዋት ያስተምራል። ከዓመት ተኩል በፊት ሃያ አራት የካክተስ ቁራጮች አምጥቶ እንድታሳድግለት ለሰፍያ ሰጥቷት ነበር፤ አሥራ ሁለቱ መነሻቸው ብራዚል፣ አሥራ ሁለቱ አርጀንቲና። ሁለቱ ዝርያዎች እንደ ወንድማማች ይመሳሰላሉ። ጎን ለጎን ተክሏቸው ተማሪዎቹ ልዩነታቸውን ዓመት በዓመት እንዲለኩ ነው ሐሳቡ። "ከተቀላቀሉብኝ ሥራው አበቃ" ብሏታል። ወልቂጤ ለሚከፈተው የዕፅዋት ማሳያም ቋሚ ሠራተኛ እንደሚፈለግ፣ እነዚህን በደህና ካስረከበችው ስሟን እንደሚያቀርብ ነግሯታል። ሰፍያ ይህን ለእናቷ እንኳ ሳትተነፍስ በሆዷ ይዛ ከርማለች።

ምልክቱን የመረጠችው ራሷ ነበረች። ወረቀት ዝናብ ይበላዋል፣ ቀለም ፀሐይ ያደበዝዘዋል፤ የእንሰት ቃጫ ግን ምንም አይሆንም። የብራዚሎቹን ጀሪካኖች ወገብ በቃጫ አሰረች፣ የአርጀንቲናዎቹን እንዲሁ ተወቻቸው። በብልሃቷም ኮርታ ነበር። ለአረፋ አገር ቤት ሰንብታ ትናንት ስትመለስ አጥሩ ታድሷል፣ ጀሪካኖቹ ሁሉ ተነስተው አንድ ጥግ ታጭቀዋል፣ ከቃጫው ግን አንድ እንኳ የለም።

ዘበኛው ጋሽ ሸረፋ አሁንም ከበሩ አጠገብ አንገታቸውን ደፍተው ቆመዋል።

"ወላሂ፣ ሥራ የሌለው ቃጫ መስሎኝ ነው" አሉ ለአምስተኛ ጊዜ። "የአረፋው ሙክት ገመዱን በጠሰብኝ። አንዱን ፈታሁ፣ አላዳረሰኝም። ሁሉንም ፈትቼ ገመድ ሠራሁበት።"

"ሙክቱስ?" አለቻቸው።

"እሱማ ተበላ" አሉና ገመዱን ከኪሳቸው አወጡ። "ይኸው፣ ገመዱ አለ።"

ሰፍያ ልትስቅም ልታለቅስም ቃጣት። ገመዱን ተቀብላ አጥሩ ላይ ሰቀለችው። ጋሽ ሸረፋ ላይ መቆጣትም አልቻለችም። ጉራጌ ምድር ላይ ቃጫ አስሮ መተውና ሰው አይነካውም ማለት የራሷ ሞኝነት ነው። ቃጫ ያየ ሰው የሚያስበው የሚታሰረውን ነገር ነው እንጂ የብራዚልን ካክተስ አይደለም።

በእሾህ መለየቱን ቀጠለች። የብራዚሉ እሾሁ ብዙና ረጅም፣ የአርጀንቲናው ጥቂትና አጭር እንደሆነ መምህሩ አሳይቷታል። ጨርሳ ስትቆጥር ባለ ረጅም እሾህ አሥራ አምስት፣ ባለ አጭር ዘጠኝ ሆነ። ደግማ ቆጠረች፤ ያው ነው።

ከዚያ ዓይኗ ጀሪካኖቹ ላይ አረፈ። የአሥራ አምስቱ ቢጫ ቀለም በፀሐይ ነጥቷል፤ የዘጠኙ ገና አዲስ ይመስላል። ዘጠኙ ከጥላው መረብ ሥር የከረሙት ናቸው፤ ጥላ ደግሞ እሾህ ያሳጥራል። ጠዋቱን ሙሉ የለየችው ተክሉን ሳይሆን የቆመበትን ቦታ ነበር። መሬት ላይ ቁጭ አለች።

"አብሽሪ፣ ልጄ" አሉ ጋሽ ሸረፋ ከበሩ።

መሬት ላይ ተቀምጣ ነው የካክተሱን ሥር ያየችው። የታችኛው ስንዝር ቀጠን ያለ፣ የጠየመ ነው። እሱ ቡታጅራ አላደገም። ከወልቂጤ የመጣው ቁራጭ ራሱ ነው፤ እሾሁንም ያወጣው እናት ተክሉ ላይ ሳለ፣ ሁሉም በአንድ ግቢ አንድ ዓይነት ፀሐይ ሲሞቁ ነበር። ታዲያ ላይ ላዩን ስታይ ምን ትሠራለች!

በጉልበቷ እየዳኸች አንድ በአንድ የታችኛውን ስንዝር እሾህ አየች። አሁን እጇ አላመነታም። ለለየቻቸው ብራዚሎች አዲስ ቃጫ አሰረች። አሥራ አንድ ሆኑ። አርጀንቲናዎቹ ዘጠኝ።

አራት ቀሩ። እነዚህ አራቱ ባለፈው ክረምት ሥራቸው በስብሶባት፣ የበሰበሰውን ቆርጣ አስወግዳ አናታቸውን እንደገና የተከለቻቸው ናቸው። የድሮው ስንዝር የላቸውም። ጠርዛቸውን ዳሰሰች፣ እሾሃቸውን በክር ለካች፣ ወደ ብርሃን አዞረቻቸው። ምንም አልነገሯትም።

"ምን ያስጨንቅሻል?" አሉ ወይዘሮ ዓለምዘውድ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። "አሥራ አንድና ዘጠኝ ካለሽ የጎደለው ግልጽ ነው። አንዱን እዚያ፣ ሦስቱን እዚህ።"

"የትኛውን አንድ፣ እትዬ?"

"ደስ ያለሽን! አብበው እስኪለዩ ስንት ዓመት ነው? ያኔ አንቺ ወልቂጤ ቋሚ ሆነሽ ቁጭ ብለሻል።"

ነገሩ እውነት ነው። ሰፍያን ያስፈራትም እውነትነቱ ነው።

ፒካፑ በሩ ላይ ቆመ። መምህር አምሀ ወርዶ ተክሎቹን ሲያይ ፊቱ በራ።

"ሰፍያ! እንዴት አምረዋል! አንድም አልሞተም?"

"አልሞተም፣ መምህር።"

"አሥራ ሁለት አሥራ ሁለት አድርገን እንጫናቸዋ።"

ወይዘሮ ዓለምዘውድ የተረፈውን አንድ ክር ቃጫ በሁለት ጣታቸው ይዘው ወደ እሷ ዘረጉ። ዓይናቸው "በይ እንጂ" ይላል። ሰፍያ ወልቂጤን፣ ቋሚ ደሞዙን፣ ለእናቷ ያልነገረችውን ወሬ አሰበች።

ቃጫውን አልተቀበለችም። ወደ አጥሩ ሄዳ የሙክቱን ገመድ አወረደች። አራቱን ጀሪካኖች አስጠግታ፣ ገመዱን ዙሪያቸውን አዙራ በአንድ ላይ አሰረቻቸውና ቀና አለች።

"ያወቅኋቸው ሃያ ናቸው፣ መምህር" አለችው። "እነዚህን አላውቃቸውም።"