ከፊልሙ ዳር የገባው እጅ

ዘመድኩን ከሚኖርበት ዴ ሞይን በአውቶቡስ ልጁ ወደምትኖርበት ካፒቶል ሂል የወጣው ልጁ አዲስአለም «አባዬ፣ ጨርሻለሁ፣ መጥተህ እይ» ብላ ስለደወለችለት ነው። ከሦስት ሳምንት በፊት አንድ ጥቅል ፊልም ለፊልም ሥራ ትምህርቷ ሰጥቷት ነበር። አገር ቤት የመንግሥት ፊልም አንሺ ሳለ ያነሳው፣ ተበላሽቷል ተብሎ የተጣለ ነው። በዚያ ፊልም ላይ ወደ ጦር ሜዳ ከሚሳፈሩት ሚሊሻዎች አንዱ ታናሽ ወንድሙ አበጀ ነበር። አበጀ አልተመለሰም፤ ሌላ ምስልም የለው። ዘመድኩን የወንድሙን ፊት አስቀርታ የተበላሸውን ቆርጣ ትጥለዋለች ብሎ ተማምኗል።

ጠባቧ ክፍሏ ውስጥ በእጅ የሚዞር የፊልም ማያ ጠረጴዛው ላይ ተተክሏል።

«ታሪክ የለውም እሺ? የድሮ ፊልም እቆርጣለሁ፣ እፍቃለሁ፣ መልሼ እቀጥላለሁ» አለችው።

«ታሪክ ከሌለው ሰው ቁጭ ብሎ ምን ያያል?»

«ያንተን ሰልፍና መፈክርስ ወዶ ነበር ቁጭ ብሎ የሚያየው?»

ዘመድኩን ፈገግ አለ። እሷም እጀታውን አዞረችው።

ማያው ላይ አበጀ ብርድ ልብሱን ጠቅልሎ በትከሻው ይዟል። ሚሊሻዎቹ የሚሳፈሩበት መኪና ጥግ ቆሞ ወደ ሌንሱ ያያል። ከምስሉ ዳር አንድ እጅ ገባና ወደ መኪናው ተወዛወዘ። አበጀ ዞሮ ተሳፈረ። ከዚያ ያው ምስል ከመጀመሪያው ተነሣ። እጁ አሥር ጊዜ ገባ፤ አበጀም አሥር ጊዜ ተሳፈረ።

«ሶ፣ ሉፕ አድርጌዋለሁ፤ እየተመላለሰ ይደገማል። ምርጡ እሱ ነው። የማን እጅ ነው?»

በእሱ ጊዜ እጅ የገባበት ፊልም ይጣላል። እነ አዲስአለም ደግሞ የሚያነሱት የተጣለውን ነው።

«የረዳቴ» አላት።

ምስሉን አቆመችው። የእጁ ትንሿ ጣት ቆልመም ያለች ነበረች። አዲስአለም ጠረጴዛው ላይ ያረፈውን የአባቷን እጅ አየች፤ የእሱም ትንሿ ጣት ቆልማማ ናት። ዘመድኩን እጁን ኪሱ ሊከት አለና ተወው።

«መጀመሪያ ሲሳፈሩ ፀሐይ ከፊቴ ሆና አበላሸችብኝ። ውረዱና እንደገና አልኳቸው። ስማቸው ገና አልተጠራም፤ አንድ ሰው ቢጎድል አይታወቅም ነበር። ከኋላችን ጫካ ነበር። አበጀ ወርዶ ‹ወንድም ጋሼ፣ ልጥፋ እንዴ?› አለኝ። እዚህ ላይ የሚያየኝ መልስ እየጠበቀ ነው። እኔ የታየኝ ፀሐይዋ ልትጠልቅ መሆኗ ነው።»

አዲስአለም ቀስ ብላ እጀታውን ወደ ኋላ አዞረችው። አበጀ በጀርባው ከመኪናው ወረደ። እጁ ወደ ዳር ተመልሶ ጠፋ። አበጀ ብርድ ልብሱን እንደያዘ ቆሞ አያቸው።

«እዚህ ላይ ልጨርሰው፣ አባዬ? እንደወረደ?»

ዘመድኩን የወንድሙን ፊት ብዙ አየው።

«መውረዱንማ ወርዶ ነበር» አለ።

በዚያችው ጣተ ቆልማማ እጁ እጀታውን ተቀብሏት ወደ ፊት አዞረው።

«እጁን እንዳትቆርጪው።»