ስሟን የማታውቃት ጎረቤት

ደርቭላን ባለፈው ዓመት በሕግ ፈተና የጣላት አንድ ጥያቄ ነበር፤ «በቸልተኝነት ሕግ ጎረቤትህ ማነው?» የሚለው። ነገ እንደገና ልትፈተን ስለሆነ፣ በጠዋቱ ደጃፏ ላይ ቆማ መጽሐፏን እንደ ዳዊት ትደግማለች።

«የኔን ስም ጽፈሽ ውጪ!» አላት ፊንታን ከአጥሩ ወዲያ። «ይህን ሁሉ ዘመን አጠገብሽ ኖሬ፣ ጎረቤትሽን በመጽሐፍ ትፈልጊያለሽ?»

«ያንተን ስም ብጽፍማ ፈታኙ ራሱ ያዝንልኛል።»

ፊንታን እየሳቀ፣ ውርጭ ባደረ ቁጥር የአየርላንዷ የሊሜሪክ ከተማ ሰው እንደሚያደርገው፣ የፈላ ውሃ ከማንቆርቆሪያው በረዶ በያዘው ደረጃው ላይ ቸለሰ። በረዶው እየጤሰ ቀለጠ። ውሃው ግን በአጥሩ በር ሥር ሾልኮ የእግረኛው መንገድ ላይ ተኛ። ደርቭላ በዓይኗ ስትከተለው፣ ጠርዙ መልሶ በረዶ ሆኖ እንደ መስተዋት ሲረጋ አየች።

አንዲት ሴት የሕፃን ጋሪ እየገፋች ከመታጠፊያው ብቅ አለች።

ደርቭላ ክው አለች። ጎረቤት ማለት ለካ አጥር የሚጋራ ብቻ አይደለም፤ የእጃችን ሥራ ሊደርስበት የሚችል፣ አስቀድመን ልናስበው የሚገባን ሰው ሁሉ ነው! መንገዱ እስከ ከተማዋ ወንዝ ድረስ በማታውቃቸው ጎረቤቶች ሞልቶ ታያት።

«ፊንታን፣ የምድጃውን አመድ አምጣ! ቶሎ በል፣ ጎረቤታችን እየመጣች ነው!»

«የቷ? እኔ እንኳ አላውቃትም!»

«እኔስ መቼ አወቅኋት!» አለችና ፊንታን አመድ ሞልቶ ያመጣውን ባልዲ ነጥቃ፣ እንዳያንሸራትት አመዱን በረዶው ላይ በተነችው።

ሴትዮዋ ለሕፃኗ እያንጎራጎረች፣ ቀና ብላ እንኳ ሳታያቸው፣ በአመዱ ላይ አለፈች።