በስሟ የሚሮጠው

ኒንግሩም ደረጃ ስትወጣ እንኳ የምታለከልክ ልጅ ናት። ነገር ግን በዚያ ሰሞን በኢንዶኔዥያዋ ከተማ በዮግያካርታ የማይሮጥ ወጣት እንደ ሰው አይቆጠርም ነበር። የመሥሪያ ቤቷ ልጆች ጠዋት ሲሮጡ ስልካቸው ላይ ያለው የሩጫ መተግበሪያ “እከሌ ሩጫ ጀመረ” ብሎ ለጓደኞቻቸው ሁሉ ያበስራል፤ ሲጨርሱም ካርታውን ከነኪሎ ሜትሩ ይለጥፋል። ቀኑን ሙሉ ወሬው እሱ ነው። ከወሬው መቅረቱ ቢያንገበግባት ኒንግሩም ጆኪ ቀጠረች።

ጆኪ በሰው ስም የሚሮጥ ነው፤ እዚያ እንደ ማንኛውም ሥራ ይታያል። ጋሊህ የሚባል፣ በዓይኗ አይታው የማታውቀው ወጣት የይለፍ ቃሏን ተቀበለና “እንዲያምኑሽ ሩጫው ከበርሽ መነሳት አለበት” ብሎ ጻፈላት። እሷም ብልጥ የሆነች መስሏት አድራሻዋን ላከችለት።

ወር ሙሉ ተወደሰች። ባልደረባዋ ታራ አንድ ቀን፣ “አንቺ፣ ይሄን እግር ከየት ነው የተከራየሽው?” አለቻት። ኒንግሩም እየሳቀች እግሯን ከወንበሯ ሥር ሰበሰበች።

ከዚያ ጋሊህ ያልተጠየቀውን መጻፍ ጀመረ። ገመድ ላይ የተሰጣው ቢጫ ቀሚሷ እንደሚያምርባት ጻፈ። መስኮቷን ክፍት ትታ እንዳትተኛ መከራት። በቃኝ ብትለው መልስ የለም፤ የይለፍ ቃሉን ልትቀይር ብትሞክር ቀድሞ ቀይሮታል። በገዛ ዳቦዋ ልብ ልቡን አጣች። ሩጫው ግን ቀጠለ፤ አምስት ኪሎ ሜትር የነበረው ሦስት ሆነ፣ በኋላም ቤቷን ብቻ የሚዞር ጠባብ ክብ። ለፖሊስ ብትናገር ታራ ልትሰማ ነው። ፈርታለች፤ ግን ከፍርሃቷ ይሉኝታዋ በለጠና ዝም አለች።

ቅዳሜ ጠዋት ወዲያው እመለሳለሁ ብላ ክፍሏን ሳትቆልፍ ከመንገዱ ጥግ የሩዝ ገንፎ ልትገዛ ወጣች። ስትመለስ ስልኳ ጮኸ። ታራ ነበረች፦ “ዛሬ ሠላሳ ሜትር ብቻ? አረጀሽ እንዴ?” ካርታውን ከፍታ አየችው። መስመሩ ከግቢው በር ተነስቶ ቤቱ ላይ ይቆማል።

አከራይዋ ቡ ሱማርኒ ግቢውን ይጠርጉ ነበር። ቤቱ ለሴቶች ብቻ የሚከራይ ስለሆነ ወንድ ከበር አያልፍም።

“ወንድምሽ መጥቷል ልጄ” አሏት። “ልመልሰው ነበር። ስልኩን ሲያሳየኝ ግን ስምሽም ፎቶሽም አለ፣ በየቀኑ ከዚህ በር የተነሳሽውም አለ። ጨዋ ልጅ ነው፤ ጫማውን አውልቆ ነው የገባው።”

“እማማ፣ እኔ ወንድም የለኝም።”

መጥረጊያው ቆመ። ኒንግሩም ቀና ስትል፣ ፎቅ ላይ ከክፍሏ በር ሥር፣ ከነጠላ ጫማዋ ጎን ጭቃ የነካው ትልቅ የሩጫ ጫማ ተቀምጧል። እዚያ አገር ጫማ በር ላይ ካለ ባለቤቱ ውስጥ ነው። የመስኮቷ መጋረጃ ተንቀሳቀሰ።

ገንፎውን ጥላ ወጣች፤ በዕድሜዋ ለመጀመሪያ ጊዜ ሮጠች። የመንገዱ ጥግ ሳትደርስ ትንፋሿ አለቀ። አጥር ተደግፋ ስታለከልክ ስልኳ እንደገና ጮኸ። ታራ ነበረች።

“ደግሞ ‘ሩጫ ጀመረች’ አለኝ እኮ! ጎሽ የኔ አንበሳ፣ እንዳትቆሚ።”